ካንቶና «ከኳስ ወደ ፊልም ሸሸ» ለሚለው ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ ኤሪክ ካንቶና የተጻፈ ረዘም ያለ ጽሑፍ ከእጅ ወደ እጅ ሲዘዋወር ሰነበተ። የማንችስተር ዩናይትድ ደጋፊ ወዳጆቼ ተናደው ላኩልኝ፤ አርሰናሎቹ ደግሞ እየሳቁ ላኩልኝ። ላላነበበው ሰው የጽሑፉ ፍሬ ነገር ይህ ነው። ካንቶና ከማርሴይ ድሃ ሰፈር የወጣ አሳዳጊ የበደለው ዱርዬ ነበር፤ በጃንዋሪ 1995 አንድ «ምስኪን ተመልካች» በእግሩ ሲመታ የኳስ ሕይወቱ አከተመ፤ የፈረንሳይ ብሔራዊ ቡድንም በዚያው ምክንያት አባሮ በ1998 ያለ እሱ ዓለምን አሸነፈ፤ ስለ ባሕር ወፎች የተናገረው ነገር አእምሮው እንደተናወጠ ያሳያል፤ በመጨረሻም ኳስ ስትከዳው ወደ ፊልም ሸሸ፤ እዚያም ቢሆን ከራሱ ሌላ ሰው ሆኖ መጫወት አልቻለም።

ጽሑፉ በጥሩ አማርኛ የተጻፈ ነው፤ ጸሐፊውም ኳስ የሚወዱ ሰው መሆናቸው ያስታውቃል። ችግሩ ሌላ ነው። የሰውየውን ዕድሜ ልክ በአንድ ምሽት ዙሪያ ጠቅልለውታል። ከዚያ ምሽት በፊት የሆነው ሁሉ ለምቱ መንደርደሪያ፣ ከዚያ በኋላ የሆነው ሁሉ የምቱ ቅጣት ተደርጎ ቀርቧል። የቀን ቅደም ተከተሉን ለተመለከተ ግን ታሪኩ እንዲህ አይገጥምም። በየነጥቡ ልሂድ፤ ዓመቶቹና ወሮቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የ«ዱርዬው» ነገር ብዙ አያቆየንም። ካንቶና በሜይ 24 ቀን 1966 ማርሴይ ተወለደ፤ ያደገው ሌ ካዮል በሚባለው ሰፈር፣ አያቱ ከኮረብታው ጥግ በገዛ እጃቸው በሠሩት ቤት ውስጥ ነው። አባቱ አልቤር የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ነርስ ነበሩ፤ ከሥራ መልስ ደግሞ ሥዕል ይሥላሉ። እናቱ ልብስ ሰፊ ነበሩ። በእናቱ በኩል ያሉት አያቱ ካታላን ናቸው፤ በስፔን የእርስ በርስ ጦርነት ፍራንኮን ተዋግተው፣ ቆስለው፣ ድንበር ተሻግረው ፈረንሳይ የገቡ ስደተኛ። የአባቱ ወገን ደግሞ ከሰርዲኒያ ደሴት የመጣ ነው። ሀብት የሌለው ቤት ነው፤ ይህ እውነት ነው። ነገር ግን ሥዕል የሚሣልበት፣ የጦርነትና የስደት ወሬ በራት ሰዓት የሚነሳበት ቤት ነው። ከዚህ ቤት የወጣ ልጅ በኋላ ሥዕል ቢሥል፣ መድረክ ላይ ቢወጣ፣ ስለ ስደተኛ ቢናገር ምኑ ይገርማል? ጸሐፊው ግን ይህን ሁሉ ዘለውት «የጎዳና ልጅ» የምትለዋን ቃል ብቻ አነሱ።

የፈረንሳይ ዓመታቱን በተመለከተ ጸሐፊው የሚጠቅሷቸው ጥፋቶች በአብዛኛው ልክ ናቸው፤ አልከራከርም። በኦሴር ክለብ፣ በአሰልጣኙ በጊ ሩ እጅ፣ በኖቬምበር 1983 ገና በ17 ዓመቱ ተሰልፎ የጀመረው ልጅ በ1988 ለፈረንሳይ በወቅቱ ክብረ ወሰን በሆነ ዋጋ ወደ ማርሴይ ሲዛወር ጸቡ አብሮት ሄደ። በወዳጅነት ጨዋታ ላይ ኳሷን ወደ ተመልካች ለግቶ ማሊያውን አውልቆ ወረወረ። በሞንፔልዬ የገዛ የቡድን ጓደኛውን ፊት በጫማ መታ። በኒም በዲሴምበር 1991 ኳስ ዳኛው ላይ ወረወረና አንድ ወር ታገደ፤ የዲሲፕሊን ኮሚቴው ፊት ሲቀርብ አባላቱን በየተራ እየዞረ «ደደብ» አላቸው፤ ቅጣቱ ተጨመረበት፤ በ25 ዓመቱ ጫማ ሰቅያለሁ አለ። ይህን ሁሉ ጸሐፊው በደንብ ዘርዝረውታል።

አንዷን ጥፋት ግን ጎዶሎ አድርገው ነው የነገሩን፤ ለርዕሳችን ደግሞ ዋናዋ እሷ ነበረች። በኦገስት 1988 አሰልጣኙ አንሪ ሚሼል ከብሔራዊ ቡድኑ ሲተዉት ካንቶና በቴሌቪዥን ቀርቦ እዚህ የማይጻፍ ስድብ ሰደባቸው፤ ለረጅም ጊዜም ከብሔራዊ ቡድን ታገደ። ጸሐፊው እዚህ ላይ «የዱርዬ አፍ» ብለው ያልፋሉ። ስድቡ ግን ከመንገድ የተለቀመ አልነበረም። ካንቶና ራሱ በዚያው ንግግሩ ምንጩን ጠቅሷል፤ የሚወደው ተዋናይ ሚኪ ሩርክ ኦስካር የሚሸልሙትን ሰዎች በዚያ ቃል እንደጠራቸው አንብቦ፣ አንሪ ሚሼልም ከዚያ ብዙ አይርቅም ነው ያለው። የ22 ዓመት አጥቂ አሰልጣኙን ሊሰድብ ሲነሳ አፉ ላይ የመጣለት የፊልም ተዋናይ ቃለ ምልልስ ነው! ጥፋቱ ጥፋት ነው። ይህ የሆነው ግን ከዚያ ዝነኛ ምት ከስድስት ዓመት በላይ ቀድሞ ነው፤ ካንቶና ፊልም የሚባል ነገር ያወቀው ኳስ ስትከዳው ነው የሚለውን አባባል ይህች አንዲት ታሪክ ብቻዋን ታናጋዋለች።

አሁን ወደ ክሪስታል ፓላስ ሜዳ፣ ወደ ሴልኸርስት ፓርክ እንምጣ። ጃንዋሪ 25 ቀን 1995፣ ክሪስታል ፓላስ ከማንችስተር ዩናይትድ። ካንቶና ተከላካዩን ሪቻርድ ሾውን መትቶ በዳኛው አለን ዊልኪ በቀይ ካርድ ይወጣል። ወደ መልበሻ ክፍል እየሄደ ሳለ አንድ የፓላስ ደጋፊ ከመቀመጫው ተነስቶ፣ ደረጃውን ወርዶ፣ ሜዳው ጠርዝ ድረስ መጥቶ ይሰድበዋል። ካንቶና የማስታወቂያ ሰሌዳውን ተሻግሮ እግሩን አስቀድሞ ይወረወርበታል፤ ቀጥሎም በቡጢ። «ምስኪን ተመልካች» የሚለውን ጸሐፊው ቢያነሱት ጥሩ ነው፤ ሰውየው በሚቀጥለው ዓመት በዚያው ምሽት ባሳየው የማስፈራራት ንግግርና ድርጊት ፍርድ ቤት ጥፋተኛ ብሎታል። ይህ ካንቶናን ነጻ አያወጣውም፤ እሱም ቢሆን ነጻ ነኝ ብሎ አያውቅም። ከብዙ ዓመት በኋላ ሲጠየቅ የሚቆጨው አጠንክሮ አለመምታቱ እንደሆነ ተናግሯል፤ ይህን የሚወድለትም የሚጠላበትም አለ። እኔ ንግግሩን ከማይወዱት ነኝ።

ጸሐፊው የሚያሸንፉበት አንድ ቦታ አለ፤ ሳይጠቀሙበት አለፉ እንጂ። ምቱ ዩናይትድን በእርግጥ ዋጋ አስከፍሎታል። ከሦስት ቀን በፊት፣ ጃንዋሪ 22፣ ዩናይትድ የዋንጫ ተፎካካሪውን ብላክበርንን 1 ለ 0 ሲያሸንፍ ጎሏን ያስቆጠረው ካንቶና ነበር። ከዚያ ሄደ። በውድድር ዘመኑ ማብቂያ ብላክበርን 89፣ ዩናይትድ 88 ነጥብ ይዘው ጨረሱ፤ በኤፍ ኤ ካፕ ፍጻሜም ኤቨርተን ዩናይትድን 1 ለ 0 አሸነፈ። አንድ ነጥብና አንድ ጎል። ካንቶና ቢኖር ሁለቱም ዋንጫዎች ወደ ዩናይትድ ሜዳ፣ ኦልድ ትራፎርድ፣ ይገቡ ነበር የሚል ሰው ብዙ አያጋንንም። ያ ቡድን በአንድ ሰው ቁጣ ባዶ እጁን ወጣ። የዩናይትድ ደጋፊ ወዳጆቼ ይህን መስማት አይወዱም፤ ቁጥሩ ግን ይኸው።

«የኳስ ሕይወቱ አከተመ» የሚለው ግን ከየት እንደመጣ አልገባኝም። ክለቡ 20,000 ፓውንድ ቀጣው፤ የእንግሊዝ እግር ኳስ ማኅበር 10,000 ፓውንድ ጨምሮ እስከ ሴፕቴምበር 30 አገደው። የክሮይደን ፍርድ ቤት በማርች 23 ሁለት ሳምንት እስራት ፈረደበት፤ በይግባኝ ወደ 120 ሰዓት የማኅበረሰብ አገልግሎት ተለወጠለት፤ አገልግሎቱም ልጆችን ኳስ ማሰልጠን ሆነ። በክረምቱ ከሌላ ክለብ ጋር በዝግ በተደረገ የልምምድ ጨዋታ ላይ ተሰለፈ ተብሎ ጥያቄ ሲነሳበት በቃኝ ብሎ ወደ ፓሪስ ሄደ። የዩናይትዱ አሰልጣኝ አሌክስ ፈርጉሰን ተከትለውት ሄዱ፤ ከጋዜጠኞች ለማምለጥ በሆቴሉ ኩሽና በኩል ወጥተው በሞተር ብስክሌት ላይ ከኋላ ተፈናጥጠው ነው ካንቶና ያለበት ምግብ ቤት የደረሱት። ስለዚህ ጉዞ ፈርጉሰን ራሳቸው ደጋግመው አውርተዋል፤ በአሰልጣኝነት ዘመናቸው ከሠሯቸው ጥሩ ነገሮች አንዱ አድርገው ይቆጥሩታል።

ኦክቶበር 1 ቀን 1995 ከሊቨርፑል ጋር ተመለሰ። በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ለኒኪ ባት ጎል አመቻቸ፤ በኋላ ፍጹም ቅጣት ምት አስቆጠረ፤ 2 ለ 2። ከዚያ የሆነውን ጸሐፊው በአንድ ዓረፍተ ነገር እንኳ አላነሱትም፤ እኔ ደግሞ እዚህ ላይ ሳልቆም ማለፍ አልችልም።

በዚያ ክረምት ፈርጉሰን ኢንስን፣ ሂዩዝንና ካንቼልስኪስን ሸጠው ቡድኑን ለልጆች ሰጥተዋል፤ ለቤካም፣ ለስኮልስ፣ ለባት፣ ለኔቪሎቹ። ኒውካስል በጃንዋሪ 1996 በ12 ነጥብ ይመራ ነበር። ማርች 4 ዩናይትድ ኒውካስል ሄዶ ሲጨፈጨፍ አመሸ፤ ፒተር ሽማይክል ግቡን እንደ ግንብ ሲጠብቅ ቆይቶ ካንቶና ባገኛት አጋጣሚ 1 ለ 0። ከኩዊንስ ፓርክ ሬንጀርስ ጋር ሊሸነፉ ሲሉ በጨዋታው ማብቂያ ካንቶና፣ 1 ለ 1። አርሰናል፣ 1 ለ 0፣ ካንቶና። ቶተንሃም፣ 1 ለ 0፣ ካንቶና። ኮቨንትሪ፣ 1 ለ 0፣ ካንቶና። ዋንጫው በዚህ መልክ መጣ። ሜይ 11 በዌምብሌይ፣ የኤፍ ኤ ካፕ ፍጻሜ፣ ከሊቨርፑል ጋር፣ ሊያበቃ አምስት ደቂቃ ያህል ሲቀረው ከማዕዘን የተመታችው ኳስ ተመልሳ ወደ እሱ መጣች፤ ወደ ኋላ እየሸሸ፣ ሰውነቱን ቆልምሞ፣ በሰው ጫካ መሃል አሳልፎ መታት። አምበሉ እሱ ነበር፤ ዋንጫውንም ያነሳው እሱ ነው። የጋዜጠኞች ማኅበር የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ብሎ መረጠው። «ያከተመ» ሰው በሚቀጥለው ዓመትም በአምበልነት ሌላ የሊግ ዋንጫ ጨመረ። ከዩናይትድ በፊት በተጫወተበት በሊድስ ካገኘው ጋር በጠቅላላው በእንግሊዝ አምስት የሊግ ዋንጫ ማለት ነው፤ ያጣው ታግዶ በተቀመጠበት ዓመት የነበረውን ብቻ ነው።

ልጆቹን ካነሳን አይቀር፣ ፈርጉሰን ደጋግመው የሚናገሩት አንድ ነገር አለ። ካንቶና ኦልድ ትራፎርድ በገባበት ሰሞን ልምምድ ካለቀ በኋላ ለብቻው የሚለማመድበት ተጨማሪ ሰዓትና ኳስ የሚያሻግሩለት ተጫዋቾች ጠየቀ። ልጆቹም አዩት፤ ከዚያ በኋላ እነሱም መቅረት ጀመሩ። ስለ እብደቱ ለመጻፍ ሦስት ገጽ የነበራቸው ሰው ለዚህ አንድ መስመር ቢያተርፉ ምን ነበረበት።

በአውሮፓ መድረክ ግን ካንቶና ትልቅ አልነበረም፤ ይህንን ጸሐፊው ቢያነሱ አልከራከራቸውም ነበር። በ1993 በጋላታሳራይ ሜዳ ቀይ ካርድ አይቶ የተጣለበት ቅጣት በሚቀጥለው ዓመት ባርሴሎና ዩናይትድን 4 ለ 0 ሲያደቀው በሜዳው እንዳይኖር አድርጎታል። በ1997 ግማሽ ፍጻሜ ደግሞ ቦሩሲያ ዶርትሙንድ በደርሶ መልስ 1 ለ 0፣ 1 ለ 0 አሰናበታቸው፤ እዚያ ሜዳው ላይ ነበር፤ አልታየም።

የባሕር ወፎቹ ጉዳይ። ማርች 31 ቀን 1995 ይግባኙ ተሰምቶ እስራቱ ከተነሳለት በኋላ ክፍሉ በጋዜጠኛና በካሜራ ታጨቀ። ካንቶና ቀስ ብሎ፣ መሃል ላይ ውኃ እየተጎነጨ፣ የባሕር ወፎች ዓሣ አስጋሪ መርከብን የሚከተሉት ሰርዲን ወደ ባሕር ይጣልልናል ብለው ስለሚያስቡ ነው አለ፤ አመሰገነና ተነስቶ ወጣ። ጸሐፊው «ትርጉም የለሽ ቅዠት» ይሉታል። በእንግሊዝ ጋዜጦች ይህን ማለት የተለመደ ነበር፤ ሰም ለበስ ቅኔ ሲሰማ ላደገ የአገሬ ሰው ግን እንዲህ ይጠፋል ብዬ አልጠብቅም። ወፎቹ እነማን እንደሆኑ ክፍሉ ውስጥ የነበሩት ሁሉ ተያይተው ሊያውቁ ይችሉ ነበር፤ ለሁለት ወር በሩ ላይ ሲያድሩ የከረሙት እነሱ ናቸው። ሰርዲኑም እሱ እንዲወረውርላቸው የሚጠብቁት ቃል ነው። የወረወረላቸውም እሷኑ ብቻ ነው። ለእኔ ይህ የአእምሮ መናወጥ ምልክት ሳይሆን መቼ ገብቶ መቼ እንደሚወጣ የሚያውቅ ሰው ሥራ ነው። ውኃው፣ ዝምታው፣ አወጣጡ። ካሜራ ምን እንደምትፈልግ የገባው ሰው ነው።

ስለ ብሔራዊ ቡድኑ የተጻፈው ግማሽ እውነት አለው። ካንቶና ለፈረንሳይ 45 ጊዜ ተሰልፎ 20 ጎል አስቆጥሯል፤ ከምቱ በፊት የአሰልጣኙ የኤሜ ዣኬ ቡድን አምበል ነበር፤ ከዚያ በኋላ አልተጠራም። እስከዚህ ድረስ ከጸሐፊው ጋር ነኝ። ነገር ግን እገዳው በሴፕቴምበር 1995 አብቅቷል፤ ዩሮ 1996 ደግሞ ከብዙ ወራት በኋላ ነው፤ በዚያ የጸደይ ወቅት ካንቶና በእንግሊዝ ከማንም በላይ ነበር። ዣኬ ያልጠሩት ስለታገደ ሳይሆን እሱ በሌለበት ዚዳንና ጆርካዬፍ ቦታውን ስለያዙት፣ ቡድኑም ሳይሸነፍ መጓዝ ስለጀመረ ነው። ምቱ በሩን ከፈተ፤ በሩን የዘጋው የዚዳን እግር ነው። አንድ አሰልጣኝ የሚሠራለትን ቡድን አላፈርስም ቢል እኔ አልፈርድበትም፤ ካንቶና ግን ፈርዶባቸዋል፤ ቅሬታውም ለዓመታት አልወጣለትም። ደግሞም ትልቁን ቁስል ከፈለጉ በ1995 ሳይሆን በኖቬምበር 1993 ነው የሚያገኙት፤ ፈረንሳይ ለአሜሪካው የዓለም ዋንጫ ለማለፍ አቻ በቂዋ ሆኖ ሳለ የቡልጋሪያው ኮስታዲኖቭ በመጨረሻዋ ደቂቃ የቀበራት ምሽት። በዚያ ጨዋታ የፈረንሳይን ጎል ያስቆጠረው ካንቶና ነበር።

እንግዲህ ወደ ዋናው ክስ፤ «ኳስ ስትከዳው ወደ ፊልም ሸሸ»። ካንቶና ለመጀመሪያ ጊዜ በሲኒማ የታየው በኤትየን ሻቲሊዬ ኮሜዲ ውስጥ ነው፤ ከወንድሙ ከዦኤል ጋር የራግቢ ተጫዋች ሆኖ። ፊልሙ ፈረንሳይ ውስጥ የወጣው በዲሴምበር 1995 ነው። ያን ጊዜ ካንቶና የዩናይትድ አጥቂ ነው፤ ሁለቱን ዋንጫ ገና አላነሳም፤ ጫማ ሊሰቅል ዓመት ከመንፈቅ ይቀረዋል። ከሚቆም ነገር ወደ ሌላ የሚሸሽ ሰው አስቀድሞ ሁለቱን ጎን ለጎን አይሠራም። በ1996 ደግሞ ናይኪ የሠራውን ማስታወቂያ ያየ ሰው ይታወሰዋል፤ አጋንንት ቡድን ይዘው በመጡበት ጨዋታ ኮሌታውን አቁሞ በፈረንሳይኛ ተሰናብቶ የሚለጋው እሱ ነው። እኛ አገር ያለው ወጣት ደግሞ ይበልጥ የሚያውቀው በ2002ቱ ማስታወቂያ ነው፤ መርከብ ላይ በተሠራው የብረት ፍርግርግ ውስጥ ሮናልዲኒዮንና ሄንሪን የሚያጫውተው ጢማም ሰውዬ። ሲጫወት ያላዩት ልጆች በተዋናይነቱ ቀድመው አወቁት።

ጫማ የሰቀለበትም መንገድ የሽሽት አይመስልም። ሜይ 18 ቀን 1997፣ 31 ዓመት ሊሞላው ስድስት ቀን ሲቀረው፣ የሊጉ ሻምፒዮን አምበል ሆኖ ነው የተወው። በመግለጫው ለ13 ዓመት በሙያው እንደተጫወተ፣ ሌላ ነገር መሥራት እንደሚፈልግ፣ ከጫፍ ላይ ሆኖ ለማቆም ሁልጊዜም ያስብ እንደነበር ተናገረ። ፈርጉሰን ሊያስቀሩት ሞክረዋል። ማን ነው የከዳው? ኳስ እሱን ወይስ እሱ ኳስን? የከዳት እሱ ነው ቢባል ይሻላል፤ ያውም በሙሉ ልቡ አልከዳትም። የባሕር ዳርቻ እግር ኳስን ወድዶ የፈረንሳይን ቡድን አሰልጥኖ በ2005 ሪዮ ላይ የዓለም ዋንጫ አነሳ፤ ራሱም እየተጫወተ።

ጸሐፊው እዚህ ላይ ሌላውን ተጫዋች ቪኒ ጆንስን ያመጡና «ሁለት ኮበሌ፣ አንድ መንገድ» ይላሉ። ጆንስ ወደ ፊልም የገባው በ1998 ነው፤ በሜዳ ላይ በነበረው አስፈሪነት ተፈልጎ። መጥፎ አይደለም፤ በሚያውቀው ሠራ። ከዚያም ወደ ፔሌና ወደ ቦቢ ሙር ይሻገራሉ፤ በ1981 በጆን ሂውስተን ፊልም ከስታሎንና ከማይክል ኬን ጋር እስረኛ ሆነው የተጫወቱበትን ያነሳሉ። እነዚያ ግን ኳስ እንዲጫወቱ ነው የተጠሩት፤ ኳስ የሚጫወቱ እስረኞች። ካንቶናን የለየው ኳስ በሌለበት መጠራቱ ነው።

ይህ ወደ መጨረሻው ነጥብ ያመጣናል፤ «ራሱን ብቻ ነው የተጫወተው» ወደሚለው። በ1998 በሼካር ካፑር «ኤልዛቤት» ውስጥ፣ ኬት ብላንሸት ንግሥቷን በምትጫወትበት ፊልም፣ የፈረንሳይ አምባሳደር ሙስዩ ደ ፏ ሆነ። ድንቅ ነበር አልልም፤ እንግሊዝኛው ከብዶታል፤ አለባበሱ ከእሱ በላይ ይናገራል። በሚቀጥለው ዓመት በዣን ቤከር ፊልም ውስጥ ቦክሰኛ ሆነ፤ ለቁመናው የሚስማማ፣ ቀላል ሚና። በ2003 ግን ከመጠን በላይ የወፈረ፣ በምግብ ራሱን የሚገድል የፖሊስ ኃላፊ ሆኖ ሲቀርብ ያ ኮሌታው የቆመ ሰውዬ የት አለ? ደረቱን ገልብጦ የሚሄድበት አካል፣ ሰው የሚያውቅበት ያ አካል፣ ሙሉ በሙሉ ተወስዶበታል። ለአንድ አትሌት ከዚህ በላይ ራስን መጣል የለም። በነገራችን ላይ በኋላ ያገባትን ተዋናይት ራሺዳ ብራክኒን ያገኛት በዚያው ፊልም ነው፤ በ2010 ፓሪስ ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ የቲያትር መድረክ ላይ ሲወጣም አዘጋጇ እሷ ነበረች።

ጸሐፊው ራሱን እንደተጫወተ ለማሳየት ያቀረቡት አንድ ማስረጃ ብቻ ነው፤ የኬን ሎች «ሉኪንግ ፎር ኤሪክ»፣ በ2009 በካን የፊልም ፌስቲቫል የተወዳደረው። እውነት ነው፣ እዚያ ካንቶና ካንቶናን ነው የሚጫወተው። ግን ፊልሙን ያዩት ሰው እንዲህ ይጽፋሉ ብዬ ማመን ይከብደኛል። ዋናው ሰው እሱ አይደለም። ስቲቭ ኤቬትስ የተጫወተው የማንችስተር ፖስተኛ ነው፤ ትዳሩ የፈረሰ፣ ልጆቹን መቆጣጠር ያቃተው፣ በሐሳብ የደቀቀ ሰው። ካንቶና ከዚህ ሰው ምናብ ውስጥ የሚወጣ አማካሪ ነው፤ እየተመጻደቀ አባባል የሚደረድር፤ ፖስተኛው በቃህ ስብከቱ የሚለው። ራሱን ጣዖት አድርጎ ሳይሆን በራሱ ጣዖትነት እየሳቀ ነው የሠራው። ሐሳቡም ከእሱ በኩል መጥቶ ነው ሎችና ደራሲው ፖል ላቨርቲ ያሳደጉት። ደግሞ ፖስተኛው ከሁሉ የምትወዳት ቅጽበት የትኛዋ ናት ብሎ ሲጠይቀው ጎል አይመርጥም፤ ከቶተንሃም ጋር ለዴኒስ ኧርዊን ያቀበላትን ኳስ ነው የሚመርጠው። ጸሐፊው እንደሚሉት ራሱን ብቻ የሚያይ ሰው ቢሆን በሱንደርላንድ ላይ ያስቆጠራትንና ቆሞ ዙሪያውን የገላመጠባትን ጎል ይመርጥ ነበር።

«ከዚያ በኋላ ጠፋ» የሚለውም ስህተት ነው። በ2014 ከማድስ ሚከልሰን ጋር በዴንማርኮች የካውቦይ ፊልም ተጫውቷል። በ2020 ደግሞ ከፒየር ለሜትር ልብ ወለድ በተሠራውና ዚያድ ዱዌሪ ባዘጋጁት ባለ ስድስት ክፍል ድራማ ውስጥ 57 ዓመት የሞላው፣ ለዓመታት ሥራ ያጣ፣ ለአንድ የቅጥር ፈተና ሲል ነፍሱን የሚሸጥ የሰው ኃይል ባለሙያ ነው። የተሸነፈ፣ ፊቱ የረገበ፣ አጎንብሶ የሚራመድ ሰው። ለእኔ የትወናው ጫፍ ይህ ነው። ጸሐፊው ይህን አላዩትም ወይም አላነሱትም።

ስለ ፖለቲካው ባጭሩ። «ባንክ ዝረፉ ብሎ ቀሰቀሰ» ተብሏል፤ በ2010 ያለው ሰዎች የገዛ ገንዘባቸውን ከባንክ በአንድ ጊዜ ቢያወጡ ሥርዓቱ ይናወጣል ነው። የዋህ ሐሳብ ነበር፤ ዝርፊያ ግን አይደለም። በ2012 ስለ አመጸኛ ተጫዋቾች በቀረበ ዘጋቢ ፊልም ተራኪ ሆኖ የድሮግባን፣ የብራዚላዊውን ተጫዋች የሶቅራጥስንና የራሺድ መክሉፊን ታሪክ አቅርቧል። መክሉፊ በ1958 ለፈረንሳይ በዓለም ዋንጫ ሊሰለፍ ሲችል ተደብቆ ወጥቶ የነጻነት ታጋዮቹን የአልጄሪያ ቡድን የተቀላቀለ ሰው ነው። የስደተኛው የካታላን አያት የልጅ ልጅ ካሜራ ሲሰጠው ያዞረው ወደዚያ ነው።

የቀሩት ጥቃቅን የቁጥርና የታሪክ ግድፈቶች ናቸው። «ከመቶ በላይ ጎል» የተባለው ልክ አይደለም፤ ለዩናይትድ በ185 ጨዋታ 82 ነው ያስቆጠረው። ፈርጉሰን «ለዓመታት አጥንተው» አላመጡትም፤ በኖቬምበር 1992 የሊድስ ሰዎች ዴኒስ ኧርዊንን ትሸጡልናላችሁ ወይ ብለው ለዩናይትዱ ሊቀ መንበር ማርቲን ኤድዋርድስ ስልክ ደወሉ፤ ፈርጉሰን እዚያው ቢሮ ውስጥ ነበሩና ስለ ካንቶና ጠይቅልኝ አሉ፤ በ1.2 ሚሊዮን ፓውንድ ገደማ ተጠናቀቀ። ጽሑፉ እንደገና የሚታተም ከሆነ ቢያንስ እነዚህ ሁለቱ ይታረሙ።